ሃያ ደቂቃ ለማይሞላ ኒካሕ የስንት ብር ፎቶ?



ኒካሓችን የታሰረው በሚያዝያ 2016 ዓ.ም፣ በሸዋል ወር፣ እዚሁ ባሕር ዳር ነው። ሰዓት የያዘ ዘመዳችን እንደነገረን ሼኹ ኹጥባቸውን ከጀመሩበት እስከ ዱዓው መጨረሻ 18 ደቂቃ ነው የወሰደው። ወሊዩ ሰጠ፣ ሙሽራው ተቀበለ፣ ምስክሮቹ ሰሙ፣ መህሩ ተነገረ፣ አለቀ። ለዚችው 18 ደቂቃ ፎቶ አንሺ ፍለጋ ግን አምስት ሳምንት ዞረናል። ጓደኞቻችን "እንዴት አደረጋችሁት?" እያሉ ስለሚጠይቁን አንዴ ጽፈነው እንገላገል ብለን ነው።

በፎቶ ጉዳይ ዑለማዎቻችን የተለያየ አቋም እንዳላቸው እናውቃለን። ጭራሽ የማይነሱ ወንድሞችና እህቶች አሉ፤ እናከብራቸዋለን። እኛ የምንማርባቸውን ኡስታዝ ጠይቀን፣ አደቡን ከጠበቃችሁ ትችላላችሁ ስላሉን ነው የገባንበት። ክርክሩን ዛሬ አንከፍተውም።

መጀመሪያ የሄድነው መስታወቱ ከሩቅ የሚያብረቀርቅ ስቱዲዮ ነበር። ልጁ በትሕትና አስቀምጦ አልበም አሳየን፣ ከዚያ "ፓኬጁን" ዘረዘረ፦ ሁለት ካሜራ፣ ቪዲዮ፣ ከሠርጉ በፊት የሚነሱ ፎቶዎች፣ ግድግዳ የሚያክል ላሚኔት። 48 ሺህ ብር። "እኛ ኒካሕ ብቻ ነው፤ ሁለት ሰዓት ይበቃናል" ስንለው "የሁለት ሰዓት ሠርግ የለንም" አለ። ዋጋው ከመህሩ ይበልጣል። ሙሽሪት ስንወጣ "መህሬ ላይ ሳልረክስ አልቀረሁም" ብላ ቀለደች። ሳቅን፣ ግን ቀልዱ ሁለታችንንም ቆጠቆጠን። አብሮን የተማረ አንድ ወዳጃችን ለሠርጉ የተበደረውን ሳይከፍል የመጀመሪያ ልጁ ዳዴ ማለት ጀምሯል።

ሁለተኛው በግማሽ ዋጋ ተስማማ። ደስ ብሎን ልንፈርም ስንል "ፎቶዎቹን ግን ለሥራዬ ማስታወቂያ እጠቀምባቸዋለሁ" አለ። እዚህ ላይ አንድ የቆየ ቁስል አለብን። አንዲት ዘመዳችን በሠርጓ ዋዜማ፣ ሴቶች ብቻ ባሉበት ቤት፣ ፀጉሯን ለቃ፣ ሒና በእጇ፣ የተነሳችውን ፎቶ ከሦስት ወር በኋላ የስቱዲዮው መስታወት ላይ ተለጥፎ አገኘችው። ሱቅ ስትሄድ ነው ያየችው። እናቷ ሄደው ለምነው አስነሱት። አስቡት፣ የልጃቸውን ፊት ለማውረድ እናት ይለምናሉ! ስለዚህ ቅናሹ ለምን እንደሆነ ስናውቅ ትተነው ወጣን።

መላው የተገኘው ሳናስበው ነው። ለጋብቻ ምዝገባ ጉርድ ፎቶ ልንነሳ ገበያው አካባቢ ያለች አንዲት ጠባብ ፎቶ ቤት ገባን። ኮምፒውተሩ ላይ ቁጭ ብላ የሰው ፊት የምታጠራው ልጅ ካሜራውንም ራሷ ያዘች። ስታነሳን አገጭ ቀና፣ ትከሻ ዝቅ እያለች ስታስተካክለን ጊዜ ዐይን ለዐይን ተያየን። "ሠርግ ታነሺያለሽ?" አልናት። "አነሳለሁ፤ አሁን ግን ማን ያገባል? ፋሲካ እስኪያልፍ ቁጭ ብዬ ነው" አለች።

ይቺ ንግግር ናት ዐይናችንን የከፈተችው። የከተማችን ፎቶ አንሺዎች ሲሳይ በአብዛኛው ጥር ላይ፣ ከዚያም ከፋሲካ በኋላ ነው። በ55ቱ የዐቢይ ጾም ቀናት የክርስቲያን ወገኖቻችን ሠርግ ስለሌለ ካሜራ ሳጥን ውስጥ ይተኛል። በ2016 ደግሞ ረመዳንና ዐቢይ ጾም የገቡት በአንድ ቀን ነው፤ ሰኞ መጋቢት 2። እኛ ሚያዝያ 2 ዒድ አደረግን፣ ፋሲካ ሚያዝያ 27 ዋለ። በመሃል ያሉት ሦስት ሳምንታት ለኛ የሠርግ፣ ለፎቶ አንሺው የሥራ ፈትነት ጊዜ ናቸው። በ2017ም ዒድ መጋቢት 21፣ ፋሲካ ሚያዝያ 12 ስለነበር ያው ክፍተት ነበረ። እኛ ግን ሁላችንም ጥር ላይ ተሰልፈን እንጋፋለን።

ደግሞ ሸዋል ነው። ዐረቦች በጃሂሊያ ዘመን በሸዋል ማግባትን እንደ ክፉ ገድ ያዩት ነበር፤ እናታችን ዓኢሻ (ረ.ዐ) ረሱል (ሰ.ዐ.ወ) ያገቧትም ወደ ቤታቸው የገባችውም በሸዋል እንደሆነ ተናግራ ያንን አፍርሳዋለች። ርካሽ ዋጋ ፍለጋ የጀመርነው ሰዎች ሱና ላይ አረፍን።

ከልጅቷ ጋር በ5 ሺህ ብር ተስማማን። አልበም የለም፣ ቪዲዮ የለም፣ ሁለት ሰዓት። ውላችንን በደብተር ወረቀት ላይ ጻፍነው፦ የትም አይለጠፍም፤ ፎቶውን ስታስረክበን ከኮምፒውተሯ ታጠፋለች፤ ሴቶች ክፍል ከሷ ሌላ ካሜራ አይገባም። የወንዶቹን ክፍል የሙሽራው ታናሽ ወንድም በሷ ካሜራ እንዲያነሳ ተስማማን፤ ዋዜማውን አንድ ሰዓት አስተማረችው። "ኒካሕ አንስቼ አላውቅም፤ የትኛዋ እንዳታመልጠው?" ብላ ጠየቀችን። ወሊዩና ሙሽራው እጅ ለእጅ የሚያያዙባትን ነገርናት።

ያኔ ክልላችን በአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ ሥር ነበር፣ የሞባይል ዳታም ተዘግቶ ነበር። ምሽት መንቀሳቀስ ስለማይመች ሁሉ ነገር ከመግሪብ በፊት እንዲያልቅ አደረግን። ፎቶውን በቴሌግራም መቀበል አልቻልንም፤ ፍላሽ ይዘን ሄደን ነው ያመጣነው። "ቢያንስ ማንም አይለጥፈውም" ብለን ተሳሳቅን። ጅዳ የምትሠራው እህታችን ግን የኒካሓችንን ፎቶ ያየችው ከወራት በኋላ ነው።

ወሊማው አንድ በግ ነበር። ረሱል (ሰ.ዐ.ወ) ዐብዱረሕማን ኢብኑ ዐውፍን በአንድ በግ እንኳ ቢሆን ደግስ እንዳሏቸው ስለምናውቅ አላፈርንም። ለፎቶ አንሺዋ ጾም ስለሆነች ምስር ወጥና ሽሮ ለብቻ ተሠራ፤ የሙሽሪት እናት በሰው እጅ አላስነኩትም፣ ራሳቸው ናቸው የሠሩት።

ወንድማችን ያነሳው? አብዛኛው ተበላሽቷል። የሼኹ ግማሽ ፊት፣ የአንዱ ምስክር ጆሮ፣ ብዙ ጣሪያ። ያቺን ቅጽበት ግን ይዟታል። ፊት የለበትም፣ ሁለት እጅ ብቻ ነው። አንዱ የሙሽራው፣ ላቡ የሚታይ። ሌላው የሙሽሪት አባት፤ ዕድሜ ልኩን ልብስ ሲሰፋ የኖረ፣ መርፌ ያጠነከረው አውራ ጣት። አባባ በሕመም ምክንያት እጃቸው ይንቀጠቀጣል፤ ፎቶው ላይ ጸጥ ብሏል። ሳሎናችን ውስጥ የሰቀልነው እሱን ነው።

ከዐስር በኋላ በባጃጅ ወደ ጣና ወረድን። አንድ የመዝናኛ ግቢ ለሙሽራ ካሜራ ክፍያ ጠየቀን። 3,000 ካሬ ኪሎ ሜትር ገደማ የሚሰፋ ሐይቅ ፊት ቆሞ ለመነሳት ይከፈላል! ትተን ክፍት ወደሆነው ዳርቻ ሄድን። ደንገል ተቆርጦ ተከምሯል፣ አጠገቡ አንድ ታንኳ ተገልብጧል። ባለቤቱ ታንኳ በመሥራት የሚታወቁት የነገደ ወገኖቻችን ናቸው። ሰላምታ ሰጥተን አስፈቀድናቸው። "ተነሱ ልጆቼ፤ እኛንም ስንት ፈረንጅና ስንት ሐበሻ አንስቶናል፣ አንድም ቀን ፎቶውን ያመጣልን የለም" አሉ። ልጅቷ ካሜራዋን ዝቅ አድርጋ "እርስዎንስ ላንሳዎት?" አለቻቸው። ቆብ አስተካክለው፣ ታንኳቸውን ይዘው ቆሙ። በሳምንቱ አሳጥበን ወሰድንላቸው። ብዙ ጊዜ አዩት፣ ከዚያ "ሸምግያለሁ ለካ" ብለው ኪሳቸው ውስጥ ከተቱት።

በቀደም አንዲት እህት ልታገባ ነው ብላ የልጅቷን ስልክ ጠየቀችን፣ ሰጠናት። ማታ ላይ መልሳ ደወለችልን። ሸዋሉ በሙሉ ተይዟል ብላታለች።