ንፍሮ የለቅሶ ብቻ አይደለም

ከሞጆ እስከ ሻሸመኔ፣ ከአዳማ እስከ አሰላ ያለውን እርሻ የሚያውቅ ሰው፣ ካፌ ቁጭ ብሎ ሜኑ ላይ «ኪኑዋ ሰላጣ» የሚል ሲያነብ ቅር ይለዋል። እኔን ቅር ብሎኛል። ኪኑዋን ንቄ አይደለም፤ የአንዲስ ተራራ ገበሬዎች ለሺህ ዓመታት ጠብቀው ያቆዩት ክቡር እህል ነው። ቅር ያለኝ፣ ስንዴው ከአርሲ፣ ሽምብራው ከአድአና ከሉሜ፣ ቦሎቄው ከስምጥ ሸለቆው ሜዳ፣ ለውዙ ከባቢሌ ተነሥቶ በደጃችን እያለፈ፣ እህልን ሳይፈጩ በልቶ መጥገብ ከባሕር ማዶ የመጣ ዘመናዊነት መምሰሉ ነው። እኛ እኮ ንፍሮ አለን!

ጽሑፉ ረዘም ይላል፤ ጊዜ ያላችሁ አብራችሁኝ ሁኑ።

አዳማ መንገዶች የሚገናኙባት ከተማ ናት። ከጂቡቲ የተነሣው ሐዲድ በ1909 ዓ.ም. አዲስ አበባ የገባው በዚሁ አልፎ ነው። የሐረርጌው መንገድ በዚህ ያልፋል፣ የአሰላው መንገድ ከዚህ ይገነጠላል። ስለዚህ ገበያችን ውስጥ የደጋውም የቆላውም እህል ጎን ለጎን ተቀምጦ ታገኙታላችሁ። ከአርሲ ከሚወርደው ስንዴ ግን ብዙው የሚያመራው ወደ ዱቄት ፋብሪካ ነው። እዚያ የውጭ ሽፋኑና ቡቃያ የሚያወጣው እምብርቱ ይለያሉ። ነጩ ዱቄት ለዳቦ፣ ለፓስታና ለማካሮኒ ይሄዳል፤ ፉርሽካው ለወተት ላምና ለሚደልብ በሬ ይሸጣል። የስንዴው ፋይበር፣ ብረት፣ ዚንክና ቢ ቫይታሚን በብዛት ያለው ደግሞ በዚያ በተለየው ክፍል ነው። ለከብቱ አልቀናሁም፤ ከብቱ ያፈራውን መልሰን እንበላዋለን። ነገር ግን ስኳር በሽታና ደም ግፊት በየቤታችን በገባበት ዘመን፣ ከስንዴው የተሻለውን ክፍል አውጥተን የቀረውን ለልጆቻችን ጠዋት በዳቦ፣ ማታ በማካሮኒ ማቅረባችን ያሳስበኛል።

ንፍሮ ውስጥ የሚጣል ነገር የለም። ስንዴው ከነሽፋኑ ይቀቀላል፣ ከነሽፋኑ ይበላል። አጠገቡ ባቄላ ወይ ሽምብራ ይገባል። ይህ ጥምረት በዘፈቀደ የመጣ አይደለም። ስንዴ ላይሲን የሚባለው የፕሮቲን ክፍል ያንሰዋል፣ ጥራጥሬ ደግሞ ያ በብዛት አለው፤ ጥራጥሬ የሚጎድለውን በበኩሉ ስንዴው ይሞላለታል። እናቶቻችን ላይሲን የሚለውን ስም ሳይሰሙ ሁለቱን አንድ ድስት ላይ አገናኝተዋቸዋል። በጸሎተ ሐሙስ የምንበላው ጉልባንም ያው የባቄላ ክክና የስንዴ ቅልቅል ነው።

ታዲያ ለምን ተውነው? በኔ ግምት ትልቁ ምክንያት ለቅሶ ነው። ንፍሮ ሲባል ብዙዎቻችን ዐይን ላይ ድቅን የሚለው ድንኳን፣ የእድር ወንበር፣ በትሪ እየዞረ በጭልፋ የሚታደል ስንዴና ሽምብራ ነው። ለደስታ የተጠራ ሰው ንፍሮ ይዞ ቢሄድ ፊታቸው የሚጠቁር ሽማግሌዎች አሉ። ይህን ስሜት አላቃልለውም። ሐዘንተኛ ቤት ድስት ጥዶ ማስተዛዘን ትልቅ ነገር ነው፣ ንፍሮውም እዚያ ያለው በክብር ነው። ግን እዚያ ብቻ እንዲቀር ማን ፈረደበት? በክረምት ዝናቡ ሲያካፋ ትኩስ ንፍሮ ከብበን የበላነው ለቅሶ ደርሰን አይደለም። ለቡና ቁርስ የምናቀርበው ቆሎ፣ በኦሮሞ ጎረቤቶቻችን ቤት አካዪ የሚባለው፣ የዚያው ቤተሰብ ነው፤ እሱን ማንም ከሐዘን ጋር አያያይዘውም።

አሁን ወደ ድስቱ እንምጣ፤ እንደ ሰላጣ የማዘጋጀውን ንፍሮ ልንገራችሁ።

መጀመሪያ ስንዴው። ገበያ ስትሄዱ ለምን እንደምትፈልጉት ንገሩ። እህል የሚሸጡ እናቶች ራሳቸው «ለዱቄት ነው ለንፍሮ፣ ልጄ?» ብለው ይጠይቃሉ፤ መልሱን ሰምተው ሌላ ጆንያ ይከፍታሉ። ለንፍሮ የሚሆነው ጠንካራው፣ በጥርስ ሲነከስ ውስጡ ዱቄት ሳይሆን ብርጭቆ የሚመስለው ነው፤ ዱረም የሚባለው የስንዴ ዓይነት። ይህ ስንዴ ብዙ ሰዓት ቢቀቀልም ቅርጹን አይለቅም፣ አይላቁጥም። ሩሲያዊው የዕፅዋት ሊቅ ኒኮላይ ቫቪሎቭ እ.ኤ.አ. በ1927 ኢትዮጵያን ዞሮ ሲያይ ከሁሉም በላይ ካስደነቁት ነገሮች አንዱ የዚህ ስንዴ ዝርያ ብዛት ነበር። ዛሬም የቢሾፍቱው የደብረ ዘይት ግብርና ምርምር ማዕከል በዱረም ስንዴና በሽምብራ ላይ ይሠራል። አፍሪካ ውስጥ ሽምብራ በብዛት በማምረት የሚስተካከለን የለም፤ ያውም ገበሬው ዝናቡ ሊያበቃ ሲል ጥቁሩ መሬት ላይ ዘርቶት፣ አፈሩ በያዘው እርጥበት ብቻ የሚደርስ እህል ነው።

ለስድስት ሰው የሚበቃው መጠን እንዲህ ነው፦ ስንዴ ሁለት ብርጭቆ፣ ሽምብራ አንድ ብርጭቆ፣ ነጭ ቦሎቄ ግማሽ ብርጭቆ። ሰፌድ ላይ ዘርግታችሁ ልቀሙ። እዚህ ላይ አትቸኩሉ፤ ጠጠር ጥርስ ይሰብራል፣ ነቀዝ የበላው ፍሬም ጣዕሙን ያበላሻል። ከዚያ ሦስቱንም ለየብቻ ዘፍዝፏቸው፣ ይደሩ። ጠዋት የዘፈዘፋችሁበትን ውሃ ድፉትና በአዲስ ውሃ ለየብቻ ጣዱ። ለየብቻ የምለው ስንዴው ሲደርስ ሽምብራው ገና ስለሚሆን ነው። አንድ ላይ ከተጣዱ አንዱ ጥሬ ይቀራል፣ ሌላው ከልክ በላይ ይበስላል።

የመቀቀያው ሰዓት የውጭ አገር መጽሐፍ ላይ ካያችሁት ቢረዝም አትደነቁ። አዳማ ከባሕር ወለል በላይ 1,600 ሜትር አልፋ ያለች ከተማ ናት፤ ውሃ እዚህ የሚፈላው 94 ዲግሪ ገደማ ላይ ነው። አዲስ አበባ ደግሞ የሚፈላበት ሙቀት ከዚያም ዝቅ ይላል። ተዘፍዝፎ ያደረ ስንዴ እኔ ቤት አንድ ሰዓት ገደማ ይፈልጋል፣ ሽምብራው ከዚያ ይብሳል። መድረሱን ሰዓት አይነግራችሁም፤ ፍሬዋን አንስቶ ማየት ነው። ሆዷ በመሐል ተሰንጥቆ ነጩ ብቅ ሲል፣ በጥርስ ሲነከስ ደግሞ ጠንከር ብላ ስትለቅ፣ ያኔ አውርዱት። ጨው መጨረሻ ላይ። በማጥለያ አጥልሉና ሰፊ ትሪ ላይ ዘርግታችሁ እንፋሎቱ ይውጣለት፤ ተከምሮ ከቀዘቀዘ ይጣበቃል። የተቀቀለበትን ውሃ አትድፉት፣ ለሾርባ ይሆናል።

ቀይ ቦሎቄ ለምትጠቀሙ አንድ ማሳሰቢያ፦ ጥሬው ወይም ግማሽ ብስሉ ሆድ ክፉኛ ያውካል። ዘፍዝፋችሁ ውሃውን ደፍታችሁ፣ በአዲስ ውሃ ቢያንስ ግማሽ ሰዓት እየተንተከተከ መፍላት አለበት፤ ለስለስ እስኪል ድረስ ደግሞ ከዚያም በላይ።

ስለ ውሃ ካነሣሁ አይቀር፣ የስምጥ ሸለቆ ሰው ሁሉ ሊያስብበት የሚገባ ነገር አለ። በወንጂና በሌሎችም የሸለቆው አካባቢዎች የጉድጓድ ውሃ ፍሎራይድ ይበዛበታል፤ የብዙ ልጆች ጥርስ የበለዘው በዚያ ነው። እህል ሲዘፈዘፍና ሲቀቀል ውሃውን ጠጥቶ ያብጣል፣ ውሃው ውስጥ ያለውን ሁሉ ይዞ። ስለዚህ ፍሎራይዱ የተቀነሰለት ውሃ የምታገኙ ለመጠጥ ብቻ አታድርጉት፣ ለመዘፍዘፊያና ለመቀቀያም ተጠቀሙበት።

ቀጥሎ ለውዝ። ሁለት እፍኝ ያህል ብረት ምጣድ ላይ ቁሉ፣ አሹት፣ ልጣጩን በሰፌድ አንፍሱት፣ ከዚያ ከፈል ከፈል አድርጉት። ጥሬውን ስትገዙ ግን ልቅም አድርጋችሁ እዩ። የተጨማደደውን፣ የጠቆረውን፣ ሻጋታ የነካውን፣ አፍ ላይ መረር የሚለውን ጣሉ። እርጥብ ቦታ የተከማቸ ለውዝ ላይ የሚበቅለው ሻጋታ አፍላቶክሲን የሚባል መርዝ ያመነጫል። መርዙ ጉበትን ይጎዳል፣ ቁላት ላይም ሙሉ በሙሉ አይጠፋም። ለጥቂት ብር ብሎ የልጅን ጤና መንካት አይገባም።

ከዚያ ተምር፤ ፍሬውን አውጥታችሁ ክተፉት፤ አሥር ያህል ይበቃል። ዘቢብ ካላችሁ አንድ እፍኝ ታጥቦ ይግባ። ባቱ ላይ ሰፊ የወይን እርሻ አለ፤ ፍሬው ግን የሚሄደው ወደ ወይን ጠጅ ፋብሪካ ነው፣ የሸለቆው ዘቢብ የምንለው ገበያ ላይ አላየሁም። ፀሐይ ግን አለችን። እኔ ማንጎ በርከት ሲል በስሱ ቆርጬ ሰፌድ ላይ እዘረጋለሁ፣ ዝንብ እንዳያርፍበት በስስ ጨርቅ እሸፍናለሁ፣ ማታ ማታ አስገባለሁ። በበጋ የአዳማ ፀሐይና ነፋስ በጥቂት ቀን ውስጥ ያደርቁታል። ቋንጣና በርበሬ እያደረቅን የኖርን ሰዎች ነን፣ ማንጎ አይከብደንም። ንፍሮ ላይ ጣፋጭ ምን ይሠራል የሚል ይኖራል። ሎሚና ቃሪያ ካለበት፣ እዚህም እዚያም አንዲት የተምር ቁራጭ ስትገኝ የምታመጣውን ለውጥ ቀምሳችሁ ፍረዱ።

ማባያውን ከሱቅ አልገዛም። ማዮኔዝ አያስፈልገውም፣ ሱፍ አለን። ሱፉን ቀቅዬ እፈጨዋለሁ፣ በትንሽ ውሃ በጥብጬ በንጹሕ ጨርቅ አጠልለዋለሁ። ለፍትፍት ከሚሆነው ወፈር ይበል። እዚያ ላይ የሁለት ሎሚ ጭማቂ፣ ጨው፣ የተወቀጠ ነጭ ሽንኩርትና ትንሽ ዝንጅብል። ቀይ ሽንኩርት፣ ቃሪያና ካሮት ደቀቅ አድርጋችሁ ከትፉ፣ እህሉን፣ ለውዙን፣ ተምሩንና ያላችሁን ዘቢብ ወይም ደረቅ ማንጎ ጨምሩ፣ ነጩን የሱፍ ውሃ አፍስሱበትና ከታች ወደ ላይ እያነሣችሁ አዋህዱት። ግማሽ ሰዓት ይቀመጥ፤ ስንዴው ሎሚውን ይስበዋል። ሎሚው ለጣዕም ብቻ አይደለም፣ በእህሉ ውስጥ ያለው ብረት ወደ ሰውነታችን እንዲገባ ይረዳል። ቡናና ሻይ ግን ያንን ብረት ስለሚይዙ ቡናውን ትንሽ አዘግዩት። በዚህ ሙቀት የሱፍ ውሃ ቶሎ ይኮመጥጣል፤ የተዋሐደውን በዚያኑ ቀን ብሉት፣ ያልተዋሐደውን እህል ፍሪጅ ውስጥ አቆዩት። የስኳር ሕመምተኛ ያለበት ቤት ዘቢብና ተምሩን ይቀንስ፣ ሽምብራውን ያብዛ።

ይህ ምግብ ጾም ነው፤ ሥጋ የለበት፣ ቅቤ የለበት። በ2017 ዓ.ም. ዐቢይ ጾምና ረመዳን በአንድ ሳምንት ውስጥ ተከታትለው ሲገቡ እኛ ሰፈር ግማሹ ሰው ዘጠኝ ሰዓትን፣ ግማሹ መግሪብን ይጠብቅ ነበር። ከዚያው ከአንድ ድስት አንድ ሳህን ወደ ጎረቤቴ ቤት ለማፍጠሪያ ሄደ፣ ሳህኑም ተምር ሞልቶ ተመለሰ። የአንዱን ጾም ከሌላው ጾም ጋር ያለ ችግር የሚያስማማ ምግብ ብዙ አይደለም፤ ይህ ግን አንዱ ነው።

የነጩ ቦሎቄ ነገር ደግሞ ሁልጊዜ ያስቆጨኛል። ከአዳማ ብዙ ሳይርቅ ያለው የመልካሳ ግብርና ምርምር ማዕከል በቆላ ጥራጥሬ ላይ ለዓመታት ሠርቶ «አዋሽ 1» እና «አዋሽ መልካ» የተባሉትን ዝርያዎች አውጥቷል። የሸለቆው ገበሬ ያመርታል፣ የከተማችን ነጋዴ ያበጥራል፣ ከዚያ ወደ ውጭ ይላካል፤ አውሮፓ ውስጥ በቲማቲም ስጎ ተቀቅሎ በጣሳ ይታሸጋል። ለአገር ዶላር ማምጣቱ መልካም ነው። ግን ከሚያመርቱት ወረዳዎች መሐል ያለን ሰዎች ቤታችን የማይገባ፣ ልጆቻችን ጣዕሙን የማያውቁት እህል ሆኖ መቅረት የለበትም። እንደ ጀሶ ነጭ ስለሆነ በስንዴውና በሽምብራው መሐል ጎልቶ ይታያል፤ አፍ ላይ ደግሞ እንደ ቅቤ ይለዝባል።

እንግዲህ ልመናዬ ይኸው ነው። በሚቀጥለው ማኅበር፣ ልደት ወይም ምርቃት ላይ ከዳቦውና ከዶሮው ጎን አንድ ትሪ እንዲህ ያለ ንፍሮ አቅርቡ፤ ሽማግሌዎቹ ቅር እንዳይላቸው አስቀድማችሁ አጫውቷቸው። የአዳማ፣ የቢሾፍቱ፣ የባቱና የሻሸመኔ የካፌና የሆቴል ባለቤቶች ደግሞ ስንዴውንና ሽምብራውን ከገበያችን ግዙ፣ ሜኑአችሁ ላይም በገዛ ስሙ «ንፍሮ» ብላችሁ ጻፉት። የጀመረ ካለ እዚህ ይጻፍልኝ፤ ጓደኞቼን ይዤ መጥቼ እበላለሁ።