የማላያላም ሲኒማ፦ በሸራው ላይና ከካሜራው ጀርባ

በደቡብ ምዕራብ ሕንድ፣ በኬረላ ግዛት፣ በማላያላም ቋንቋ የሚሠራው ሲኒማ የገዛ ኅብረተሰቡን ገመና በመግለጥ የተመሰገነ ነው፤ ይሁን እንጂ በሸራው ላይ የተወገዘው የመደብና የፆታ መድልዎ ከካሜራው ጀርባ ረጅም ዕድሜ እንዳገኘ የዘርፉ ታሪክ ያሳያል።

የመጀመሪያው የማላያላም ፊልም ተደርጎ በሚቆጠረው፣ ጄ. ሲ. ዳንኤል ባዘጋጀው «ቪጋታኩማራን» የተሰኘ ድምፅ አልባ ሥራ ላይ መሪ ተዋናይት የነበረችው ፒ. ኬ. ሮዚ ዳሊት ነበረች፤ ዳሊት የሚባሉት ደግሞ በካስት ሥርዓት፣ ማለትም በትውልድ በሚወሰን የማኅበራዊ ደረጃ ክፍፍል፣ እንደ ርኩስ ተቆጥረው ከሁሉ በታች የተደረጉት ናቸው። ሮዚ ናየር ከተባለው ከፍ ያለ መደብ የመጣች ሴት ሆና በመተወኗ የተቆጡ ሰዎች ስላሳደዷት ግዛቲቱን ለቅቃ ወደ ታሚል ናዱ ለመሸሽ ተገደደች። በ1954 እ.ኤ.አ. ራሙ ካሪያትና ፒ. ባስካራን ያዘጋጁት «ኒላኩይል» አንድ ናየር መምህር አስረግዞ የካዳትን የዳሊት ሴት ሰቆቃ በማሳየት የካስትን ጭካኔ በግልጽ ቢኮንንም፣ ያችን ሴት ሆና የተጫወተችው ተዋናይት ራሷ ዳሊት አልነበረችም፤ በደሉ ሲተረክ ተበዳዮቹ ከተራኪዎቹ ጎን አልቆሙም።

በፆታ ረገድም ነገሩ ከዚህ አይርቅም። በ2021 ጂዮ ቤቢ ባቀረበው «ታላቁ የሕንድ ማዕድ ቤት» ውስጥ አዲሷ ሙሽራ የዕቃ ማጠቢያው ቧንቧ እንደሚያፈስ ለባሏ ደጋግማ ብትነግረውም እሱ ሠራተኛ መጥራቱን ሁልጊዜ ይረሳል፤ እሷም ከሥሩ ባልዲ እየደቀነች ትከርማለች፤ በመጨረሻ እጣቢውን በባሏና በአባቱ ላይ ደፍታ ቤቱን ጥላ ትወጣለች። ፊልሙ ሲደነቅ በነበረበት ወቅት ግን የኢንዱስትሪው የራሱ አቤቱታ መልስ አላገኘም ነበር፤ በ2017 አንዲት ተዋናይት ታግታ ጥቃት ከተፈጸመባት በኋላ የሲኒማ ሴቶች ባቋቋሙት ኅብረት ግፊት የተሰየመው፣ በጡረታ ላይ ባሉት ዳኛ ሄማ የሚመራው ኮሚቴ፣ ሪፖርቱን በታኅሣሥ 2019 ለመንግሥት ቢያስረክብም፣ ሪፖርቱ ከፊሉ ተሸፍኖ ለሕዝብ የቀረበው በነሐሴ 2024 ነው። ሰነዱ ከወሲባዊ ትንኮሳ ባሻገር፣ በቀረጻ ቦታ መጸዳጃ ቤት ስለማይኖር ሴቶች ውሃ ከመጠጣት ይቆጠቡ እንደነበር መዝግቧል።

ከዚህ በመነሣት ሲኒማን የኅብረተሰብ መስታወት ብቻ አድርጎ መመልከት እንደማያዋጣ መረዳት ይቻላል፤ ሲኒማ ሰው የሚቀጠርበት፣ የሚታዘዝበትና የሚገለልበት የሥራ ቤት በመሆኑ፣ የሚተቸው ሥርዓት የእሱም ሥርዓት ነው። የኬረላ ፊልም ሠሪዎች ድርሰት ሰዎች ስለ በደል እንዲነጋገሩ በር መክፈቱ አይካድም፤ ሆኖም መንግሥት ኮሚቴ እንዲሰይም ያስገደደው በደሉ የደረሰባቸው ሴቶች ሥራቸውን ለአደጋ አጋልጠው በአንድነት መቆማቸው ነው። እነዚሁ ሴቶች በ2019 ለመሠረቱት የፊልም ማኅበር የሮዚን ስም መስጠታቸውም፣ የራሳቸው ጥያቄ ከመጀመሪያው ፊልም ዘመን ጀምሮ መልስ ሲጠብቅ የኖረ መሆኑን ለመግለጽ የመረጡት መንገድ ነው።