ሐርፍ የጠፋበት ልጅ



እኛ በልጅነታችን ጧት በመድረሳ ምንጣፍ፣ ከሰዓት በኋላ በመንግሥት ትምህርት ቤት ወንበር ላይ ተቀምጠን ያደግን ነን። ዛሬ ሠላሳዎቹን አጋምሰን፣ ቀን በአዲስ አበባ በአንድ ትምህርት ቤት ሳይንስ፣ ማታ ደግሞ በሠፈራችን መድረሳ ቁርኣን እናስተምራለን። ከሁለቱም ወገን ቀስመናል ብለን ስንመካ ኖረን፣ አንድ የአሥራ አራት ዓመት ልጅ ምን ያህል እንደጎደለን አሳየን።

ልጁ ወደ እኛ ሲመጣ ቃዒዳውን በአጭር ጊዜ የጨረሰ፣ መኽረጁ የጠራ ደረሳ ነበር። በሁለተኛው ዓመት ግን ንባቡ ተበላሸ። «ሲን» ብለን ስናቀራው «ሣእ» ይላል፤ «ፋእ»ን ከ«ሣእ» ያምታታል። ከኋላው ስንጠራው አይዞርም። እኛም ልቡ ጨዋታ ላይ ነው ብለን ፈረድንበት። በጓደኞቹ ፊት ገሠጽነው፤ ወደ ኋላ ረድፍ አዛወርነው። አንድ ማታም ከመግሪብ እስከ ዒሻ አቁመን ያንኑ አንድ መስመር ደጋግሞ እንዲቀራ አደረግነው። ልጁ አላለቀሰም።

«ዑስታዝ፣ ድምፅዎን እሰማለሁ፤ ያሉትን ነው የማለየው ያቃተኝ» አለን።

ይህንንም እንደ ድፍረት ቆጠርነው።

ነገሩ የገባን ለእናታችን የከሰል ምድጃ ልንገዛ መርካቶ፣ ምናለሽ ተራ የሄድን ዕለት ነው። ምናለሽ ተራን የሚያውቅ ያውቀዋል፤ አሮጌው በርሜልና ቆርቆሮ በመዶሻ እየተቀጠቀጠ ምድጃ የሚሆንበት ቦታ ነው። ከአንዱ ሱቅ ስንደርስ ልጁ ቆርቆሮውን ይዞ፣ አጎቱ ሲቀጠቅጡ አገኘናቸው። አባቱ ካረፉ ወዲህ ከትምህርት ቤት መልስና በዕረፍት ቀናት እዚያ እየሠራ እናቱን ይረዳል። እኛ ይህን አናውቅም ነበር፤ ጠይቀነውም አናውቅም።

አጎቱን ሰላም ብንላቸው አልሰሙንም። ክንድ በማይሞላ ርቀት ቆመን ጮኸን ደገምነው። እጃቸውን ከጆሯቸው አስጠግተው፣ «ጮክ ይበሉልኝ ዑስታዝ፣ የመዶሻው ነገር ነው» አሉ። «ጆሮ አይጎዳም ወይ?» ብንላቸው ሳቁ። «ይለመዳል!» አሉን።

ከሳምንት በኋላ ልጁን ይዘን ከአጎቱ ጋር ወደ አንድ የጆሮ ሐኪም ሄድን። ሐኪሙ ልጁን ድምፅ በማያስገባ ትንሽ ክፍል አስገብቶ ከወፍራም እስከ ቀጭን ድምፅ አሰማው። በወረቀቱ ላይ መስመሩ ከግራ ደህና መጣና 4,000 ኸርዝ አጠገብ ሲደርስ እንደ ገደል ቁልቁል ወረደ። «የጠፋው አይመለስም፤ የቀረውን ግን ማዳን ይቻላል» አለን ሐኪሙ።

ውድ አንባቢያን፣ እኛን ያሳፈረን ይህን ሁሉ ቀድመን ማወቃችን ነው። የውስጠኛውን ጆሮ ሥዕል በየዓመቱ በሰሌዳ ላይ እንሥላለን። እንደ ቀንድ አውጣ ቅርፊት የተጠቀለለ፣ ፈሳሽ የያዘ አካል ነው፤ በውስጡ ወደ 15,000 የሚጠጉ፣ ጫፋቸው ፀጉር መሳይ የሆነ ሕዋሳት ተደርድረዋል። ድምፅ ሲያናውጣቸው መልእክቱን በነርቭ ወደ አንጎል ያስተላልፋሉ። ኃይለኛ ጩኸት ሲደጋገምባቸው ይሞታሉ፤ የሰው ልጅ ደግሞ በሞቱት ምትክ አዲስ አያበቅልም። እንግዲህ ጆሮ ጩኸትን «ለመደ» ሲባል መስማት አቆመ ማለት ነው።

ጩኸት አብዛኛውን ጊዜ የሚጀምረው ቀጭኑን ድምፅ ከሚቀበሉት ሕዋሳት ነው። ስለዚህ እንደ «ባእ» እና «ሚም» ያሉት ይሰማሉ፤ በትንፋሽ የሚወጡት «ሲን»፣ «ሣእ» እና «ፋእ» ግን ይደበዝዛሉ። እነዚህ በተጅዊድ ትምህርት የሀምስ ሐርፎች ብለን ለልጆች የምናስቆጥራቸው ናቸው። ቀን ያስተማርነውን ማታ ከምናስተምረው ጋር ያገናኘልን ያ የቀጣነው ልጅ ሆነ።

ነገሩ አዲስ አይደለም። ጣሊያናዊው ሐኪም በርናርዲኖ ራማዚኒ በ1700 ስለ ሠራተኞች በሽታ ባሳተመው መጽሐፍ፣ የቬኒስ መዳብ ቀጥቃጮች ቀኑን ሙሉ ሲቀጠቅጡ ውለው ሲያረጁ እንደሚደነቁሩ ጽፏል። በሥራ ጤና ጥበቃ ብዙዎች በሚከተሉት ስሌት ደግሞ ሠራተኛ ለ85 ዴሲቤል ድምፅ ከ8 ሰዓት በላይ በቀን መጋለጥ የለበትም። ድምፁ በ3 ዴሲቤል በጨመረ ቁጥር ጊዜው በግማሽ ይቀንሳል፤ 100 ዴሲቤል ሲደርስ 15 ደቂቃ ብቻ ይቀራል። ብረት በመዶሻ ሲቀጠቀጥ ከ100 ማለፉ የተለመደ ነው።

በማግሥቱ ማታ፣ በጓደኞቹ ፊት ስለገሠጽነው በጓደኞቹ ፊት ዐፉ በለን አልነው። አንገቱን ደፍቶ፣ «ዑስታዝ፣ እኔም ሰነፍ የሆንኩ መስሎኝ ነበር» አለ። ከዚህ ቃል የበለጠ የከበደን የለም። ጆሮውን የጎዳው መዶሻው ነው፤ በራሱ ላይ የነበረውን እምነት የሰበርነው ግን እኛ ነን።

አሁን ከፊት ይቀመጣል። ሉቅማን ልጁን ድምፅህን ዝቅ አድርግ ብሎ መምከሩን እያስተማርን እኛው እንጮህ ነበር፤ ጩኸት ግን የጠፋን ሐርፍ አያመጣም። ፊት ለፊት ሆነን፣ ረጋ ብለን እናቀራዋለን። «ሣእ» ስንል የምላሳችን ጫፍ በጥርሳችን መካከል ሲወጣ ያያል፤ በዐይኑ ይለየዋል። ሥራውን አልተወም፤ የእናቱ ጉሮሮ አለና። ነገር ግን ሐኪሙ ያሳየውን የጆሮ መድፈኛ ሳያደርግ መዶሻ አጠገብ አይቆምም። ጥጥ መወተፍ እምብዛም እንደማይከላከል ተነግሮናል። አጎቱም ቢያንገራግሩም አድርገዋል።

ወላጆች ሆይ፣ ልጃችሁ ደጋግሞ «ምን አልክ?» ቢል፣ ከኋላው ሲጠሩት ባይዞር፣ ጆሮዬ ይጮህብኛል ቢላችሁ፣ ከመቆጣት በፊት ያሳክሙት። እናንተም ወጣቶች፣ መዶሻ ባትይዙ በጆሯችሁ የስልክ ማዳመጫ አለ። የዓለም ጤና ድርጅት ከ1 ቢሊዮን በላይ ወጣቶች በእንዲህ ያለው አዳመጥ የመስማት ችሎታቸው ለአደጋ እንደተጋለጠ ያስጠነቅቃል፤ 80 ዴሲቤል በሳምንት 40 ሰዓት፣ 90 ዴሲቤል ግን 4 ሰዓት ብቻ እንዲሆን ይመክራል። የምትሰሙት ነሺዳም ይሁን ደርስ፣ ጆሮ ይዘቱን አይመርጥም።

መስማት አላህ የሰጠን አማና ነው። የልጆቻችን ጆሮ ደግሞ በእኛም እጅ ያለ አማና ነው። አላህ ጠብቀው ከሚመልሱት ያድርገን። አሚን።