ባለ አንድ ተውኔቱ ፊታውራሪ

ሐረር ከጅብ ጋር ተላምዳ የምትኖር ከተማ ናት። በጀጎል ግንብ ሥር ጅብ የሚገባበት ቀዳዳ ተትቶለታል፤ ሌሊት ገብቶ ጥራጊውን ሲለቃቅም ያድርና ሳይነጋ ይወጣል። ከግንቡ ውጭ ደግሞ ጅብ አብላው እያንዳንዱን በስሙ እየጠራ፣ ሥጋውን በእንጨት ጫፍ አንጠልጥሎ ያጎርሳል፤ ሲያሻው እንጨቱን በጥርሱ ይነክሰዋል። መብራት አለ፣ ተዋናይ አለ፣ ዙሪያውን የቆመ ተመልካች አለ። የመጀመሪያው የአማርኛ ተውኔት አውሬ የሚናገርበት መሆኑን፣ ደራሲውም ሐረር ማደጋቸውን የሰማ ሰው ሁለቱን ለማገናኘት ይቸኩላል። አይቸኩል። ለእንግዳ የሚታየው ይህ ትርኢት ከደራሲው ልጅነት በብዙ ዓመት ያንሳል፤ የተውኔቱም ዘር የመጣው ከባሕር ማዶ ነው።

ደራሲው ፊታውራሪ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም በ1876 ዓ.ም. ሸዋ ተወለዱ፤ ገና በልጅነታቸው ሐረር ወርደው ራስ መኰንን ቤት አደጉ። ከተማዋ በ1879 ዓ.ም. በምኒልክ እጅ ከገባች ጥቂት ዓመቷ ነበር። ግሪኩም፣ አርመኑም፣ ህንዱም፣ ፈረንሳዩም ይነግድባታል። ልጁ ከራስ መኰንን ጦር ጋር አድዋ ዘመቱ፤ ከድሉ በኋላ ሩሲያ ተሻግረው የመድፈኛ መኮንንነት ተማሩ። የቼኾቭ ተውኔቶች ሩሲያን ያነጋገሩት በዚያው ዘመን ነው።

አገራቸው ሲመለሱ ግን ትያትር የሚባል ነገር አልነበረም። ዘፈንና ጭፈራ «ትያትር» ተብሎ ሲቀርብ አይተው፣ «ይህ ትያትር አይደለም» ብለው የራሳቸውን ጻፉ ይባላል። በ1913 ዓ.ም. ገደማ አዲስ አበባ፣ ቴራስ ሆቴል ውስጥ «ፋቡላ፡ የአውሬዎች ኮሜዲያ» ታየ።

ተረቶቹ በግሪኩ ኤዞፕ ስም ሲነገሩ የኖሩ ናቸው። ፈረንሳዊው ላ ፎንቴን በ17ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ግጥም አደረጋቸው፤ ፊታውራሪው ደግሞ ከፈረንሳዩ ወስደው ለአማርኛ መድረክ አበቋቸው። ተርጓሚ እንበላቸው ወይስ ደራሲ? ሁለቱም ያስኬዳል፤ ግን ዋናው ሥራቸው ያለው ምርጫው ላይ ይመስላል። ስለ ባለሥልጣን በግልጽ መናገር በማይደፈርበት ከተማ፣ መኳንንቱንና ሹማምንቱን ፊት ለፊት አስቀምጦ አንበሳና ቀበሮ ማናገር የዋዛ ሰው ሥራ አይደለም። ተመልካቹም ቅኔ ያደገበት ነውና ሰሙን ገፎ ወርቁን ለማውጣት ጊዜ አልፈጀበትም። ትያትሩ ታገደ። ከዚያ በኋላ ተውኔት ደህና አድርጎ ነፍስ የዘራው ዘውዱ ወደ ኃይለ ሥላሴ ባለፈበት ጊዜ፣ እነ ዮፍታሔ ንጉሤ ተማሪዎችን እያሰለጠኑ ማሳየት ሲጀምሩ ነው።

ፊታውራሪው ግን ወደ መድረክ አልተመለሱም። ጨርጨርን ሲያስተዳድሩ አሰበ ተፈሪን፣ የዛሬዋን ጭሮን፣ ቆረቆሩ፤ የ1923ቱን ሕገ መንግሥት ረቂቅ አሰናዱ፤ በጣሊያን ወረራ ዋዜማ ጄኔቭ ላይ ለኢትዮጵያ ተሟገቱ። ረጅም የስደት ዘመናቸውን ማዳጋስካር አሳልፈው ሐረርጌ፣ ሂርና ወደሚገኘው እርሻቸው ገቡ፤ ያረፉትም በ1969 ዓ.ም. ነው። ሕገ መንግሥቱ ሲነሳ ስማቸው አብሮ ይነሳል። ትያትሩ ግን በታሪክ መጻሕፍት ውስጥ ብዙ ጊዜ ከአንድ አንቀጽ አያልፍም፤ ይህ በደል ነው። እንደ እውነቱ ከሆነ፣ ከሁለቱ ቶሎ ያስደነገጠው ተውኔቱ ነበር።

ልጃቸው ግርማቸው «አርአያ» የተባለውን ልብ ወለድና «ቴዎድሮስ» የተባለውን ተውኔት ጽፈዋል። ከዚያው ከሐረርጌ፣ ከጎሮ ጉቱ፣ የወጣው ተስፋዬ ገሠሠ ደግሞ ትያትርን አሜሪካ ተምሮ ተመለሰ፤ ተወነ፣ አዘጋጀ፣ ተረጎመ፣ ሀገር ፍቅርንና ብሔራዊ ትያትርን በሥራ አስኪያጅነት መራ። ፊታውራሪው በሆቴል አዳራሽ ለብቻቸው የሞከሩት ነገር በሱ ዘመን ደመወዝና ቢሮ ያለው ሙያ ሆኗል። ከሳንሱር ግን ሙያው ገና አላመለጠም ነበር።