የማትቆለፈው መኪና

የአጎቴ መኪና በእኩለ ሌሊት ማንም ሳይነካት መስታወቷን ስታወርድ በዓይኔ ያየሁት በ2016 ዓ.ም. በሐምሌ ወር ነው። ጌዶ በሐምሌ ምን እንደምትመስል የሚያውቅ ያውቃል፤ ለማያውቅ ግን ልንገረው። ጉሙ ከመንገዱ ላይ እስከ ረፋድ አይነሣም፤ ከአምቦ ወደ ነቀምቴ የሚያልፉት የጭነት መኪናዎች በቀን መብራታቸውን አብርተው ይሄዳሉ፤ ዝናቡም አንዴ ከጀመረ የሚያባራ አይመስልም። በዚያ ሌሊት ጋቢዬን ተከናንቤ ወደ ደጅ የወጣሁት ቀጭ ቀጭ የሚል ድምፅ ሰምቼ ነው። ሌባ መሰለኝ። ዱላ ይዤ ብጠጋ ሰው የለም። በግቢው ባሕር ዛፎች ሥር የቆመችው መኪና የውስጥ መብራቷ በርቶ፥ በሮቿ ራሳቸውን ሲቆልፉና ሲከፍቱ፥ በሾፌሩ በኩል ያለው መስታወት ደግሞ ቀስ እያለ ወደ ታች ሲወርድ አየሁ።

አጎቴ ከኋላዬ መጥተው ኖሮ፥ «አየህ? ለሰው ብናገር ማን ያምነኛል?» አሉኝ።

ጎረቤቶቻችን ነገሩን ለሰይጣን ሰጥተውት ነበር። አንዲት አሮጊት ጠበል ይረጭባት ብለው መክረዋል። እኔ በሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ፊዚክስ የማስተምር ሰው ነኝና በዚህ ምክር በልቤ ሥቄ ነበር፤ ነገር ግን እኔ የሰጠሁት ምክር ከአሮጊቷ ምክር የከፋ እንደ ነበረ አሁን ሳልደብቅ እናገራለሁ።

መኪናዋ የጀርመን ሥሪት ናት፤ ዕድሜዋም ከእኔ ዕድሜ ብዙ አያንስም። አጎቴ በመንገድ ሥራ ሲደክሙ ኖረው ጡረታ በወጡ ጊዜ ባጠራቀሟት ገንዘብ ገዟት። የገዟትም ለሽርሽር አይደለም። ባለቤታቸው የስኳር ሕመምተኛ ናቸው፤ በየወሩ አምቦ ሆስፒታል መቅረብ አለባቸው፤ በአውቶቡስ ተጨናንቆ መሄድን ደግሞ እግራቸው አልፈቀደም። መኪናዋ አልቆለፍ ካለች ወዲህ ታዲያ አጎቴ ሆስፒታሉ በር ላይ አቁመው ውስጧ ተቀምጠው ይጠብቃሉ እንጂ አብረው አይገቡም። ክፍት መኪና ጥሎ ማን ይሄዳል? እትዬ ብቻቸውን ይሰለፋሉ፤ ብቻቸውን ሐኪሙ ዘንድ ይገባሉ። ማንበብ አይችሉም፤ ዓይናቸውም ደክሟል። በሰኔ ወር ሐኪሙ የመድኃኒታቸውን መጠን ቀንሶ ኖሮ፥ እትዬ የተነገራቸውን ዘንግተው በቀድሞው መጠን ሲወስዱ ሰነበቱ። ይህ የታወቀው ራሳቸውን አዙሯቸው ከምድጃው አጠገብ በወደቁ ዕለት ነው። የመኪና በር ቁልፍ ትንሽ ነገር ነው የሚል ሰው ቢኖር ይህን ያስብልኝ።

አጎቴ መኪናዋን ወደ አንድ ጋራዥ ወስደዋት ነበር፤ የጋራዡን ስምም ሆነ ከተማውን መጥቀስ አያስፈልግም። ሠራተኛው የአንዱን በር ልባስ ፈትቶ አየና፥ «የአራቱም በሮች የመቆለፊያ ሞተሮች ተቃጥለዋል፤ የሁለቱ መስታወቶች ሞተርም እንዲሁ፤ ሁሉም ይለወጥ» አለ። የጠየቀው ዋጋ የእኔን የስድስት ወር ደመወዝ ያህል ነበር። አጎቴ ይህን መክፈል የሚችሉት የምትታለበውን ላም ሸጠው ነው። ከመሸጣቸው በፊት ግን እኔን ጠየቁኝ። «አንተ የተማርህ ነህ፤ የሰውየው ነገር እውነት ይመስልሃል?» አሉኝ።

እኔም መኪናዋን ሳልከፍት፥ አንዲት ሽቦ እንኳ ሳልነካ፥ እጄን ኪሴ ውስጥ እንደ ከተትሁ፥ ሞተር ሲያረጅ ብሩሹ እንዴት እንደሚያልቅ፥ ጥቅልሉ እንዴት እንደሚቃጠል በሰፊው አስረዳኋቸው። «ሰውየው ልክ ነው» ብዬም ደመደምሁ። አጎቴ አመስግነውኝ ሄዱ። ላሚቱም ለሚመጣው የገበያ ቀን ተቆረጠላት።

መስታወቱ በዚያ ሌሊት ሲወርድ ባየሁ ጊዜ ግን ከዝናቡ ይልቅ ሐሳቡ አቀዘቀዘኝ። የተቃጠለ ሞተር እንዴት ይንቀሳቀሳል? በሮቹ እኮ ሥራ አላቆሙም፤ ያለ ትእዛዝ እየሠሩ ናቸው። ያበደው እጁ ሳይሆን እጁን የሚያዘው ነው። ከዚያም የገዛ ተማሪዎቼን በሰሌዳ ላይ የማስተምራቸው ነገር ትዝ አለኝ፤ አንድ አምፖል ብቻ ከጠፋ አምፖሉን፥ ሁሉም በአንድ ጊዜ ከጠፉ ግን ሁሉም የሚገናኙበትን ቦታ ፈልጉ እላቸዋለሁ። አራት በሮች በአንድ ሳምንት ተማክረው አይሞቱም። ይህን ለሦስት ዓመት ሳስተምር ኖሬ፥ ለአጎቴ ላም ሲሆን ግን ረሳሁት።

ለነገሩ በቀድሞው ቮልስ ይህ ሁሉ ጣጣ አልነበረም። መዘውሩን ማዞር ነው፤ መስታወቱ ይወርዳል። በኤሌክትሪክ ማሠራቱን ቀደም ብለው የጀመሩት አሜሪካኖች ናቸው። ፓካርድ የተባለው ፋብሪካ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1940 መስታወትን በኤሌክትሪክና በፈሳሽ ግፊት የሚያወጣና የሚያወርድ መሣሪያ አወጣ፤ በ1956 ደግሞ በሮቹን በኤሌክትሪክ ቆለፈ። ከርቀት የሚቆልፈውን የእጅ መሣሪያ ፈረንሳዮች በ1982 ሬኖ ፉዌጎ በምትባል መኪና ላይ አመጡት። መርሴዲሶች ደግሞ ለብዙ ጊዜ በሮቻቸውን ሲቆልፉ የኖሩት በቀጭን ቱቦ በሚሄድ አየር ነው።

ዛሬ ዛሬ ግን ማብሪያውን ስንጫን ኤሌክትሪኩ በቀጥታ ወደ ሞተሩ አይሄድም። ማብሪያው ለአንዲት ሳጥን መልእክት ይልካል፤ ሳጥኗ የደረሳትን መርምራ ለሞተሩ ትእዛዝ ትሰጣለች። በመንግሥት መሥሪያ ቤት የሚሠሩ አንባቢዎች ነገሩ በቶሎ ይገባቸዋል፤ ሳጥኗ መዝገብ ቤት ናት። ማመልከቻው ሁሉ በእርሷ ያልፋል። መዝገብ ቤቱ ውሃ ከገባበት ባለጉዳዩም ጸሐፊውም ደህና ሆነው ሳሉ ትእዛዙ ይዘበራረቃል፤ ላልጠየቀ ይፈቀዳል፤ የጠየቀ መልስ ያጣል። መካኒኮቻችን አንዳንዶቹ «ሞጁል»፥ አንዳንዶቹ «ኮምፒውተር» ይሏታል። ችግሩ ፋብሪካዎቹ የሚያስቀምጡበት ቦታ መለያየቱ ነው። በብዙ ቶዮታዎች ከክሩስኮቱ ሥር በሾፌሩ በኩል ከፊውዝ ሳጥኑ ጋር ተያይዛ ትገኛለች፤ በሌሎች ከመሪው አጠገብ ወይም ከወንበር ሥር ናት።

በማግሥቱ ጧት ለአጎቴ፥ «ጋሼ፥ ተሳስቻለሁ፤ ላሚቱን አይሽጡ» አልኋቸው። ዝም ብለው አዩኝና፥ «እስከ መቼ ልቆይ?» አሉ። «እስከ ገበያ ቀን ድረስ ብቻ» አልሁ። አራት ቀን ቀርቶ ነበር።

ከትምህርት ቤታችን ቤተ ሙከራ ቴስተር ተውሼ ሥራ ጀመርሁ። ቆማ ያደረች ደህና ባትሪ ከሞላ ጎደል 12.6 ቮልት ታሳያለች፤ የእኛዋ 11.4 አሳየች። ስለዚህ ሌሊት የሚበላት ነገር አለ። የባትሪውን ኔጋቲቭ ገመድ ፈትቼ ቴስተሩን በመሐከል አስገባሁ። በሮቿ ተዘግተው የተኛች መኪና ከ0.05 አምፔር በላይ እምብዛም አትወስድም፤ ይህች ግን ከግማሽ አምፔር በላይ ትወስዳለች። ከዚህ በኋላ ፊውዞቹን አንድ በአንድ ነቀልሁ። አንዳቸውም አልተቃጠሉም። ነገር ግን የበሮቹን ፊውዝ በነቀልሁ ጊዜ የቴስተሩ ቍጥር ወዲያው ዝቅ አለ፤ ቀጭ ቀጩም ጸጥ አለ። በደስታ ጮህሁ፤ አጎቴም ከቤት ወጡ፤ ገና ምንም እንዳልጠገንሁ ሲረዱ ተመልሰው ገቡ።

በበሩና በመኪናው አካል መካከል ሽቦዎቹ የሚያልፉበት የጎማ እጅጌ አለ። በሩ ሲከፈትና ሲዘጋ ኖሮ ብዙ ጊዜ ሽቦ የሚቆረጠው እዚያ ውስጥ ነው። አራቱንም ገልብጬ አየሁ፤ ሁሉም ደህና ናቸው። ቀጥሎ ሳጥኗን ፍለጋ በካቻቢቴ የክሩስኮቱን ሥር ፈታሁ። አንድ ሙሉ ቀን በጀርባዬ ተኝቼ፥ እግሬን በበሩ አውጥቼ ፈለግሁ። የለችም። በመንገድ የሚያልፉ ተማሪዎቼ፥ «መምህር ምን ነካቸው?» ሲባባሉ እሰማ ነበር።

በሦስተኛው ቀን ተስፋ ቆርጬ መኪናዋን ወደ ጉደር ይዘናት ወረድን። እዚያ አንድ የመኪና ኤሌክትሪሲስት አለ ብለውን ነበር። ጠጉራቸው የሸበተ፥ ሥራውን በልጅነታቸው ከጭነት መኪና ሾፌሮች ጋር ሲዞሩ የለመዱ ሰው ናቸው። እኔ ስለ ቮልቱና ስለ አምፔሩ ስተርክላቸው በትዕግሥት አዳመጡ። ከዚያ በሮቹን አልነኩም፤ ቴስተርም አልጠየቁም። የሾፌሩን በር ከፍተው ጎንበስ አሉና ወለሉን የሸፈነውን ሞኬት በመዳፋቸው ተጫኑት። ቸብ አለ።

«ቢሻን» አሉ በኦሮምኛ፤ ውሃ ማለታቸው ነው። ቀና ብለውም፥ «መምህር፥ ለመሆኑ እግርህ አልረጠበም?» አሉኝ።

ረጥቦ ነበር። ሦስት ቀን ሙሉ ካልሲዬ ረጥቦ ነበር፤ በመስኮት የገባው ዝናብ ነው ብዬ አልፌዋለሁ።

ሰውየው የባትሪውን ገመድ አስቀድመው ፈቱ፤ ከወንበሩ ሥር የአየር ከረጢት ሽቦ ሊኖር ይችላልና ያለዚህ ወንበር አይነቀልም አሉ። ወንበሩን አውጥተው ሞኬቱን ገለጡ። ከሥሩ ያለው ወፍራም ስፖንጅ እንደ ታጠበ ጋቢ ውሃ ይዟል። ከስፖንጁ ሥር፥ ወለሉ ጎድጎድ ባለበት፥ ጥቍር የፕላስቲክ ሳጥን ተኝታለች። በጀርባዬ ተኝቼ ላይ ላዩን ስፈልጋት እርሷ ከወገቤ በታች ነበረች ማለት ነው። ክዳኗ ሲነሣ ውሃ ፈሰሰ፤ የመዳብ ጥርሶቿም አረንጓዴ ሆነው ዝገዋል። ጠበል ይረጭባት ያሉት አሮጊት ትዝ አሉኝና ሣቄ መጣ፤ ውሃስ በዝቶባት ነበር።

አብሮን የነበረ አንድ ወጣት በአረቄ እናጥባት ብሎ ነበር። ኤሌክትሪሲስቱ፥ «አረቄ ግማሹ ውሃ ነው፤ ለአንተ ይሻልሃል» አሉት። ከመድኃኒት ቤት ንጹሕ አልኮል ገዝተን፥ እርሳቸው በጥርስ ብሩሽ ቀስ ብለው ዝገቱን አጠቡ። ከእሳት አርቀው ሞቅ ባለ ቦታ አሳደሯት። በማግሥቱ ተበልተው የነበሩትን ሁለት ጥርሶች በእርሳስ በየዷቸው።

ውሃው ከየት እንደ ገባ ሳያውቁ ግን ሳጥኗን አልመልስም አሉ። ኮፈኑን ከፍተው ከዝናብ መጥረጊያው ሥር ያለውን ገንዳ አሳዩኝ። በፓራብሬዛው ላይ የሚወርደው ዝናብ እዚያ ተጠራቅሞ በትናንሽ ቀዳዳዎች ወደ መሬት ይፈሳል። ቀዳዳዎቹ በባሕር ዛፍ ቅጠል ተደፍነዋል፤ ቅጠሉ በስብሶ ፍግ መስሏል። መውጫ ያጣው ውሃ ከፍ ይልና ንጹሕ አየር በሚገባበት በኩል ወደ ውስጥ ይሄዳል፤ ከዚያ ከሞኬቱ ሥር ይተኛል። በዐፄ ምኒልክ ዘመን ለማገዶ ብለን ያስገባነው ዛፍ የጀርመኖችን መኪና እንዲህ አድርጎ ያሸንፋል ብሎ ያሰበ ያለ አይመስለኝም። አጎቴ መኪናዋን ከዛፎቹ ሥር ያቆሟት የነበረው ቀለሟ በፀሐይ እንዳይለቅ አዝነውላት ነው።

ሳጥኗ ስትመለስ ሦስቱ በሮች ታዘዙ፤ መስታወቶቹም አደብ ገዙ። የኋላው ግራ በር ግን ዝም አለ። የእርሱ ሞተር በእውነት ተቃጥሏል። ስለዚህ የዚያ ጋራዥ ሰው ከአራቱ በአንዱ ልክ ነበረ፤ ይህን ሳልናገር ባልፍ ደግ አይሆንም። ያ በር እስከ ዛሬ በእጅ ይቆለፋል። ለኤሌክትሪሲስቱ የተከፈለው ገንዘብ ላሚቱን ቀርቶ አንድ በግ የሚያሸጥ አልነበረም።

በነሐሴ ወር በቀጠሮው ቀን ወደ አምቦ አብሬያቸው ሄድሁ። አጎቴ ከሆስፒታሉ አጥር አጠገብ አቁመው ወረዱ፤ የኋላውን ግራ በር በእጃቸው ቆለፉና ቁልፉን ተጫኑ። አንድ ጊዜ ብቻ ቀጭ አለ። ጥቂት ከተራመዱ በኋላ ተመልሰው የአራቱንም በሮች እጀታ ሳብ ሳብ አድርገው ሞከሩ። ከዚያ የባለቤታቸውን ክንድ ይዘው ገቡ። እኔ ከውጭ ቀረሁ፤ ልማድ ሆኖብኝ ነው መሰለኝ ከመኪናዋ ብዙም አልራቅሁም።

ሲወጡ አጎቴ የመድኃኒቱን ወረቀት እጄ ላይ አኖሩና፥ «ሐኪሙ ያለኝን እኔ ልንገርህ፤ አንተ ደግሞ ከጽሑፉ ጋር አመሳክረው» አሉኝ። ነገሩኝ፤ አመሳከርሁ። ልክ ነበር።