የሜሪ ስቶፕስ ሌላው ሥራ

«ሜሪ ስቶፕስ» ሲባል ቶሎ ትዝ የሚለን የቤተሰብ ምጣኔ ክሊኒክ ነው። ሴትዮዋ እ.ኤ.አ. በ1921 ለንደን ላይ የመጀመሪያ ክሊኒኳን ከመክፈቷ በፊት ግን ሌላ ሙያ ነበራት፤ ድንጋይ ሆነው የቀሩ ጥንታዊ ዕፅዋትን ታጠና ነበር። ዛሬ የማጫውትዎ ስለዚያኛው ሥራዋ ነው።

የድንጋይ ከሰልን ጠጋ ብለው ካዩት አንድ ወጥ ጥቁር አይደለም። የሚያብለጨልጭ መስመር አለው፣ ደብዛዛ መስመር አለው፣ እጅ የሚያጠቁር ፍርፍር ክፍልም አለው። ስቶፕስ በ1919 እነዚህን በአራት ለይታ ስም አወጣችላቸው። በ1935 ደግሞ በማይክሮስኮፕ ብቻ የሚለዩትን የከሰል ክፍሎች «ማሴራል» አለቻቸው። በአብዛኛው ከሰል ውስጥ በርክቶ የሚገኘው ማሴራል ቪትሪናይት ነው፤ ያ የሚያብለጨልጨው መስመር በዋናነት እሱ ነው።

ቪትሪናይት ድሮ እንጨት ነበር። ግንዱ፣ ሥሩና ቅርፊቱ ረግረግ ውስጥ ወድቆ፣ አየር ሳያገኘው ደለል ለበሰ፤ ከዚያም ወደ ጥልቁ ወረደ። የምድር ሙቀት እያገኘው ሲሄድ ብርሃን የማንጸባረቅ ኃይሉ ይጨምራል። የሚገርመኝ ለውጡ የማይመለስ መሆኑ ነው። የተቆላ ቡና ስለቀዘቀዘ ጥሬ አይሆንም፤ ቪትሪናይትም አለቱ ከሚሊዮን ዓመታት በኋላ ወደ ላይ ተገፍቶ ቢቀዘቅዝ እንኳ ያገኘውን ከፍተኛ ሙቀት ምልክት ይዞ ይቀራል።

ነዳጅ ፈላጊዎች የሚፈልጉት ይህንኑ ነው። ከቁፋሮ የወጣውን አለት አለስልሰው፣ ዘይት ጠብ አድርገው፣ በማይክሮስኮፕ አረንጓዴ ብርሃን ያበሩበታል፤ ስንት በመቶው እንደተመለሰም ይለካሉ። ከ0.6 በታች ከሆነ አለቱ ገና ነው። እስከ 1.3 ገደማ ድፍድፍ ነዳጅ ይፈልቃል፤ ከዚያ በላይ ጋዝ ነው፤ 2 ካለፈ የሚጠበቀው ሚቴን ብቻ ማለት ይቻላል። ድፍድፉን በአብዛኛው የሚሰጡት እንደ አልጌ ያሉ ሌሎች ቅሪቶች ናቸው፤ ቪትሪናይት አጠገባቸው ተቀብሮ ምስክር ይሆናል።

ምስክርነቱ ግን ይጣራል። ከአሮጌ አለት ታጥቦ የመጣ ቅንጣት ከአዲስ ደለል ጋር ሊቀበር ይችላል፤ ከጉድጓዱ የላይኛው ግድግዳ የተናደም ይቀላቀላል። ስለዚህ ጥሩ ባለሙያ በርካታ ቅንጣቶችን ለክቶ ሥርጭታቸውን ያያል። አማካዩን ብቻ ጽፎ የሚያቀርብ ሪፖርት እኔን አያሳምነኝም።

በደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ፣ ያዩና ደልቢ ሞዬ ላይ፣ ከሰሉ የተኛው በባዛልት ንጣፎች መካከል ባለ ደለል ውስጥ ነው። እንዲህ ባለ ስፍራ ቅልጥ አለት ሰርጎ የተጠጋው ከሰል ከጎረቤቱ ይበልጥ ሊበስል ይችላል። ስለ ከሰላችን ሲነገር ደጋግሞ የሚጠቀሰው የቶን ብዛት ነው፤ የነጸብራቁ ልክ አብሮ ቢነገረን ደስ ይለኛል። ከሰል ሲሚንቶ ፋብሪካ ውስጥ ከመንደድ አልፎ ለብረት ማቅለጫ የሚሆን ኮክ ይወጣው እንደሆነ ለማወቅ መጀመሪያ ከሚታዩት ነገሮች አንዱ እሱ ነው።