ለሲልቪያ እልልታ

ያን ቀን ክንዴ ሊገነጠል ደርሶ ነበር! ሰኔ 1994 (እ.ኤ.አ.)፣ ማንሃተን፣ አንደኛ አቬኑ። ጊልበርት ቤከር የሠራውን አንድ ማይል የሚረዝም የቀስተ ደመና ባንዲራ በሺዎች ሆነን ይዘነዋል፤ እኔ በሐምራዊው ጠርዝ ነኝ። ነፋሱ ጨርቁን ሲያነሳው ሁላችንም ብድግ፣ ሲጥለው ሁላችንም ሳቅ! ስቶንዎል መጠጥ ቤት ላይ የጌዮቹ ቁጣ በወረራቸው ፖሊስ ላይ ከገነፈለ 25 ዓመቱ ነበር። ከአገሬ ከወጣሁ ገና ሁለተኛ ዓመቴ፤ ማንን እንደምወድ ለሰው ተንፍሼ የማላውቀው ልጅ እልልታዬን አቀለጥኩት። አጠገቤ የነበሩት አሜሪካዊት አሮጊት «አስተምሪኝ» ብለው፣ ምላሳቸው እየተሳሰረ እስከ ሴንትራል ፓርክ ሞከሩ።

በዚያው ሰዓት እነ አክት አፕ፣ የኤድስ ታጋዮቹ፣ ያለ ፈቃድ በአምስተኛ አቬኑ ይሄዱ ነበር። ተናደድኩባቸው። መብት በወግ ተጠይቆ የሚገኝ መስሎኝ፣ ደስታችንን ለምን ይበጠብጡታል አልኩ።

2019 ላይ የስቶንዎል 50ኛ ዓመት መጣ። የተመሳሳይ ፆታ ጋብቻው ቢሆን ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ2015 በመላ አገሪቱ ፈቅዶታል፤ እኔና ባለቤቴም ፈርመናል። የኒው ዮርክ ፖሊስ ኮሚሽነር ለስቶንዎሉ ወረራ ይቅርታ ጠይቀዋል። ዋናው ሰልፍ የኩባንያ መኪና በኩባንያ መኪና ሆኗል። እኔ ግን በጠዋቱ ወደ ሌላኛው ሰልፍ ከነፍኩ! የኩባንያ መኪና የለ፣ የፖሊስ ጓድ የለ፤ በ1970 የመጀመሪያዎቹ ሰልፈኞች በሄዱበት በስድስተኛ አቬኑ ሽቅብ! ጉልበቴ እያመመኝ ስጨፍር ዋልኩ። ወግ ጠብቀው የሄዱት ትዳሬን አስገኝተውልኛል፣ አልክድም። መጀመሪያ የጮኹት ባይኖሩ ግን ማን ጆሮ ይሰጠን ነበር?

ከፊቴ አንዲት ትራንስ ወጣት የትራንሶች መብት ታጋይዋን የሲልቪያ ሪቬራን ስም የጻፈችበትን ካርቶን ከፍ አድርጋ ይዛለች፤ ጥቁሩ ቀለም በላብ ርሶ ክንዷ ላይ ወርዷል። ሲልቪያ በ1973 ዋሽንግተን ስኩዌር ላይ እስር ቤት ስላሉት ጌዮችና ትራንሶች ስትናገር የገዛ ወገኖቿ ጮኸውባታል። በ2002 ኒው ዮርክ ለጌይና ለሌዝቢያን የመብት ሕግ ስታወጣ ትራንሶቹን ተወቻቸው። ሲልቪያ እንዳይተዉ ከሆስፒታል አልጋዋ ላይ ሆና እየተሟገተች በዚያው ዓመት የካቲት ላይ አረፈች።

ካርቶኑን ሳይ እንደ ልጅነቴ እልል አልኩ፤ መንገዱ ሁሉ ተቀበለኝ።

ትራንሶቹን የሚጠብቀው የኒው ዮርክ ሕግ የተፈረመው በጥር 2019 ነው፤ ሲልቪያ ከሞተች 17 ዓመት ሊሞላት ጥቂት ሳምንት ሲቀር።